ከስድስት ኪሎ እስከ ጊዮርጊስ፦ የድሮ ወንጀሎችን የሚተርክ የምሽት የእግር ጉዞ

ስለ ድሮ ወንጀሎች የሚተርክ የምሽት የእግር ጉዞ ሄጄ መጣሁ ስል ግማሾቹ ወዳጆቼ «ምን ነካሽ?» አሉኝ። ሌሎቹ «አይከብድም እንዴ?» አሉ። ይከብዳል። ግን በየቀኑ በታክሲ የምናልፍበት መንገድ ላይ ምን እንደተፈጸመ ሳያውቁ ማለፍ የባሰ ይመስለኛል። ስለዚህ ለመሄድ ላሰበ ሰው ይጠቅም እንደሆነ ብዬ ያየሁትንና የሰማሁትን ልጻፍ።

እኛን የመሩን ጡረታ የወጡ የታሪክ መምህር ናቸው። ማስታወቂያ የላቸውም፤ ሰው ለሰው ሲነግር ነው የሚሰባሰበው። ሁላችንም «ጋሼ» ስለምንላቸው እዚህም እንዲሁ ልበላቸው። መንገዱ ከስድስት ኪሎ ተነስቶ በአራት ኪሎ አድርጎ፣ ራስ መኮንን ድልድይን ተሻግሮ ፒያሳ ጊዮርጊስ ያበቃል። አብዛኛው ቁልቁለት ነው። ሽቅብ የምትወጡት ከድልድዩ በኋላ ወደ ፒያሳ ስትጠጉ ብቻ ነው።

ከዚያ በፊት በሌላ ሰው የተመራ ተመሳሳይ ጉዞ ሞክሬ ነበር። መሪው ወጣት ነው፣ አንደበቱም ጥሩ ነው። ነገር ግን ሁሉንም እንደ ፊልም ነው የሚያወራው። የሞተውን ሰው ስም ሳይነግረን የአሟሟቱን ዓይነት ይተርክልናል። በድምፅ ማጉያ የጩኸት ድምፅ ሁሉ ያሰማ ነበር። አንድ ጎልማሳ ሰውዬ መሃል ላይ ምንም ሳይሉ ተነጥለው ሄዱ። ለምን እንደሄዱ ያኔ ማንም አልጠየቀም። እኔ ግን እስከ ዛሬ ከአእምሮዬ አልወጡም። ይህች ከተማ የምታወራው ወንጀል ሩቅ አይደለም። ልጅ፣ ወንድም፣ የልጅ ልጅ አጠገባችሁ ቆሞ ሊሆን ይችላል።

ስለዚህ ለጉዞ ከመመዝገባችሁ በፊት መሪውን አንድ ነገር ጠይቁት። «የሚነግሩንን ከየት ነው ያገኙት?» በሉት። ጋሼ ለዚህ የተዘጋጀ ፋይል አላቸው። ፎቶ ኮፒ የተደረጉ ወረቀቶች በላስቲክ ተሸፍነው፣ ጠርዛቸው በእጅ ብዛት ተጣጥፎ። ገና ሳንነሳ ሕጋቸውን ነገሩን። «ሰነድ ያለውን ተጽፏል እላችኋለሁ። ሰው የሚለውን ይባላል እላለሁ። ከቤተሰብ የሰማሁትን ደግሞ ሰምቻለሁ ነው የምለው። አደባልቄ ከተናገርኩ አስቁሙኝ።» አንድ ተማሪ ልጅ ሁለቴ አስቆማቸው። ሁለቴም «እውነትህን ነው» ብለው አስተካከሉ።

የተነሳነው 11 ሰዓት ላይ ነው። ይህን ሰዓት በጣም እመክራለሁ። መጀመሪያ የምንቆምበት የካቲት 12 ሐውልት ነውና ፀሐይ ሳትጠልቅ መድረስ አለባችሁ። ሐውልቱን የማያውቅ የአዲስ አበባ ልጅ የለም። ስንቴ ተቀጣጥረንበታል! በዙሪያው የተቀረጹትን ምስሎች ግን ቀርቦ ያየ ስንት ነው? ጀምበር ስታዘቀዝቅ ብርሃኑ ከጎን ስለሚመጣ ምስሎቹ ከድንጋዩ ወጥተው ይታያሉ። የወደቁ ሰዎች፣ የሚያለቅሱ ሰዎች። ጋሼ ምንም ሳይናገሩ ለጥቂት ደቂቃ እንድናይ ተዉን። ከዚያ ጀመሩ።

የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. ዓርብ ነበር፤ በዕለተ ሚካኤል። የኢጣሊያ እንደራሴ ሮዶልፎ ግራዚያኒ ያኔ ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥትን ይዞ ተቀምጧል። ዛሬ የዩኒቨርሲቲው ስድስት ኪሎ ግቢ የሆነው ነው። ለኢጣሊያ ንጉሣዊ ቤተሰብ ልዑል ተወለደ ተብሎ ለድሆች ምጽዋት ይሰጣል ተባለ። ሕዝቡ ተሰበሰበ። ዓይነ ስውሩ፣ አካል ጉዳተኛው፣ ሽማግሌው ግቢው ውስጥ ገባ። አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም የእጅ ቦምብ ወረወሩ። ግራዚያኒ በፍንጣሪ ክፉኛ ቆሰለ፤ አልሞተም። ወታደሮቹ እዚያው ምጽዋት ሊቀበል በመጣው ሰው ላይ ተኮሱ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ሲናገሩ ጋሼ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። የፋሺስት ፓርቲው የከተማው ኃላፊ ጊዶ ኮርቴሴ ለሦስት ቀን የፈለጋችሁትን አድርጉ ብሎ እንደለቀቃቸው ተጽፏል። ጥቁር ሸሚዝ ለባሾቹና ሲቪል ጣሊያኖች በጩቤ፣ በአካፋ፣ በዱላ፣ ያገኙትን ይዘው ወጡ። የሣር ቤቶች ላይ ቤንዚን እየረጩ ሰው ውስጡ እንዳለ አቃጠሉ። ኢትዮጵያ በአዲስ አበባ የሞቱት 30,000 ናቸው ስትል ኖራለች። በኋላ የተደረገ ጥናት ደግሞ 19,000 ገደማ ያደርሰዋል። ተማሪው ልጅ «የቱ ነው ትክክል?» አለ። ጋሼ ሁለቱም እንዴት እንደተቆጠሩ አስረዱትና «አስከሬን በቤንዚን በተቃጠለበት ከተማ ቆጠራው እንዲህ ቢለያይ አይግረምህ» አሉት። መልሱ በቃኝ።

ቦምብ የወረወሩትን የሁለቱን ስም ሁላችንም እናውቃለን። የሦስተኛውን ግን በቡድናችን ካለነው አብዛኛው አላወቅንም። ስምዖን አደፍርስ ይባላል። የታክሲ ባለንብረት ነበር። አብርሃንና ሞገስን ከከተማ ያወጣቸው እሱ ነው። ተይዞ ብዙ ሥቃይ ደርሶበት ሞተ። አብርሃና ሞገስም ወደ ሱዳን ሲያቀኑ መንገድ ላይ ተገደሉ። ግንቦት ላይ ደግሞ ግራዚያኒ ገዳሙ እጁ አለበት ብሎ የደብረ ሊባኖስ መነኮሳትን አስፈጀ።

እኔን እንቅልፍ የነሳኝ የፍርዱ ነገር ነው። ግራዚያኒ ከጦርነቱ በኋላ ኢጣሊያ ውስጥ ተከሰሰ። በ1942 ዓ.ም. 19 ዓመት ተፈረደበት። የተፈረደበት ግን ከጀርመኖች ጋር በመተባበሩ ነው። ስለ አዲስ አበባ፣ ስለ ደብረ ሊባኖስ አንድም ቀን ችሎት አልቆመም። በጥቂት ወራት ተፈትቶ ቤቱ ገባ፤ በተፈጥሮ ሞት ሞተ። ወንጀለኛው ታውቆ፣ ወንጀሉ ታውቆ፣ ችሎት ብቻ የጠፋበት ጉዳይ ነው።

ከሐውልቱ ወደ ዩኒቨርሲቲው በር ተሻገርን። በምሽት ወደ ውስጥ አያስገቡም፤ በሩ አጠገብ ቆማችሁ ነው የምትሰሙት። ጠባቂዎቹን ቀድሞ ሰላም ማለትና ምን እንደምታደርጉ መንገር ጥሩ ነው። ተሰብስቦ የቆመ ሰው ጥያቄ ያስነሳል። ጋሼ ጠባቂዎቹን በስም ስለሚያውቋቸው እኛን ማንም ምንም አላለንም።

እዚያው ግቢ ውስጥ፣ ከግራዚያኒ 24 ዓመት በኋላ፣ ሌላ ደም ፈስሷል። ታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ብራዚል ለጉብኝት ሄደው ሳለ የክብር ዘበኛው አዛዥ ብርጋዴር ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይና ወንድማቸው ገርማሜ ንዋይ መንፈቅለ መንግሥት ሞከሩ። ሚኒስትሮችንና መኳንንትን ገነተ ልዑል ውስጥ አገቱ። ጦር ሠራዊቱ ሲያሸንፍ፣ ከመሸሻቸው በፊት ታጋቾቹን አረንጓዴ ሳሎን በሚባለው ክፍል ውስጥ በጥይት ደበደቧቸው። አሥራ አምስት ሰዎች ሞቱ። ራስ አበበ አረጋይ አንዱ ናቸው። አምስት ዓመት ሙሉ በአርበኝነት ጣሊያንን ሲዋጉ ያልሞቱ ሰው እዚህ በወገን ጥይት ሞቱ። ራስ ሥዩም መንገሻም፣ መኮንን ሀብተወልድም፣ አባ ሐና ጅማም እዚያው ናቸው።

እዚህ ላይ ክርክር ተነሳ። ከመካከላችን አንዱ «እነ ገርማሜ እኮ ለድሃው ነው የተነሱት» አለ። ሌላው «ታዲያ የታሰረ ሰው ይገደላል?» አለው። ጋሼ አላቋረጧቸውም። ሁለቱም ሲጨርሱ እንዲህ አሉ፤ «ስለ ዓላማቸው ሌላ ቀን እንከራከር። ዛሬ የምናወራው እጁን ስለሰጠና መሣሪያ ስለሌለው ሰው ነው።» ከዚያ የክርክሩ መልክ ተለወጠ። እንዲህ ያለ መሪ ይግጠማችሁ። የወንጀል ታሪክ በፖለቲካ ጎራ ተከፋፍሎ የሚያልቅበት ጊዜ ብዙ ነው፤ ከዚያ ሟቹ ይረሳል።

ንጉሠ ነገሥቱ ብዙም ሳይቆዩ ቤተ መንግሥቱን ለዩኒቨርሲቲው ሰጡት። ለምን እንደሰጡት ብዙ ይባላል፤ ጋሼም «ይባላል» ብለው አለፉት።

ሦስተኛው ታሪክም ከዚሁ ግቢ አይርቅም። ጥላሁን ግዛው የዩኒቨርሲቲው ተማሪዎች ማኅበር ፕሬዚዳንት ነበር። ታኅሣሥ 19 ቀን 1962 ዓ.ም. ምሽት ላይ ከግቢው ብዙም ሳይርቅ በጥይት ተመታ፤ ሞተ። ተማሪዎቹ አስከሬኑን ከሆስፒታል ወስደው ግቢ አስገቡት። በማግስቱ የክብር ዘበኛ ወታደሮች ግቢ ገብተው ተኮሱ፤ ሌሎች ተማሪዎችም ሞቱ። ተማሪው ጣቱን የቀሰረው ወደ መንግሥት ጸጥታ ሰዎች ነው። ገዳዩ ማን ነው የሚለው ግን እስከ ዛሬ ያከራክራል። ጋሼ ያን ጊዜ ልጅ ነበሩ። ታላቅ ወንድማቸው በማግስቱ ምሽት ጫማ ሳያደርግ ቤት እንደገባ ነገሩን። «ይሄ ሰምቻለሁ እንኳ አይደለም፤ አይቻለሁ ነው» አሉ።

ስድስት ኪሎ ላይ ብቻ አንድ ሰዓት አለፈን። አልቆጨኝም። በአንድ ግቢ ሦስት ዘመን ነው የሰማነው። ጉዞው የሚሸፍነው መንገድ አጭር ስለሆነ ቶሎ ያልቃል ብላችሁ አታስቡ።

በአምስት ኪሎ በኩል ስንወርድ መሸ። ብሔራዊ ሙዚየሙን አልፈን አራት ኪሎ ደረስን። ስለ ደኅንነት የሚጠይቀኝ ሰው ብዙ ስለሆነ እዚህ ላይ ልበለው። የእግረኛ መንገዱ ሰፍቷል፤ መብራቱም ጥሩ ነው። ከፊትም ከኋላም ሰው ስላለ አያስፈራም። ስልካችሁን ግን በእጃችሁ ይዛችሁ አትሂዱ። ሞተር ላይ ሆኖ የሚነጥቅ አለ። ወደ ቤተ መንግሥቱ አቅጣጫ ደግሞ ፎቶ እንዳታነሱ። ቀልድ የለውም፤ ስልካችሁን ሊይዙባችሁ ይችላሉ። ከመካከላችን አንዷ ረስታ ስልኳን ስታወጣ ጋሼ በእጃቸው ጋረዷት።

ስለ ንጉሠ ነገሥቱ የሰማነው ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል በር አካባቢ ቆመን ነው። ነሐሴ 1967 ዓ.ም. ደርግ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በሕመም ሞቱ አለ። መቃብራቸው የት እንደሆነ ለሕዝብ አልተነገረም። 17 ዓመት ያህል እንዲሁ ቀረ። ደርግ ከወደቀ በኋላ፣ በ1984 ዓ.ም. አጽማቸው በምኒልክ ቤተ መንግሥት ግቢ ውስጥ ከወለል ሥር ተቆፍሮ ወጣ። ሥላሴ ካቴድራል የተቀበሩት በጥቅምት 1993 ዓ.ም. ነው። የደርግ ባለሥልጣናት ችሎት በ1987 ተጀምሮ ፍርዱ የተሰጠው በታኅሣሥ 1999 ዓ.ም. ነው። አሥራ ሁለት ዓመት። የንጉሡ ግድያ ከክሶቹ አንዱ ነበር። ዋናው ተከሳሽ መንግሥቱ ኃይለማርያም ያኔም ዚምባብዌ ነበር፤ የተፈረደበት በሌለበት ነው።

ሥላሴ ስታስቡ ስድሳዎቹን አትርሱ። ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. ሌሊት ከርቸሌ እስር ቤት ውስጥ ያለ ፍርድ የተረሸኑት ናቸው፤ አብዛኞቹ የንጉሡ ባለሥልጣናት ነበሩ። ሁለት ጠቅላይ ሚኒስትሮች አሉበት፤ አክሊሉ ሀብተወልድና እንዳልካቸው መኮንን። ጄኔራል አማን አንዶምም በዚያው ምሽት ቤታቸው ተከብቦ ተገደሉ። የአገሩ ሰው በማግስቱ በሬዲዮ ሰማ። ከርቸሌ፣ ያ «ዓለም በቃኝ» የምንለው፣ ፈርሶ ዛሬ የአፍሪካ ኅብረት ሕንፃ ቆሞበታል። ስድሳዎቹ አጽማቸው ወጥቶ ሥላሴ ዐርፏል። በቀን ስትሄዱ መታሰቢያቸውን ታዩታላችሁ። የስም ዝርዝሩን ከላይ እስከ ታች አንብቡት። እኔ ቆይቼ ስሄድ አነበብኩት። ከታሪክ መጽሐፍ የማውቃቸው ጥቂቶቹን ብቻ ነው። ሌላው እዚያ ድንጋይ ላይ ብቻ ያገኘሁት ስም ነው።

ከአራት ኪሎ ወደ ራስ መኮንን ድልድይ ያለው ቁልቁለት ላይ ጋሼ ወሬውን አቀለሉት። ስለ ጥንቱ ምርመራና ዳኝነት ነገሩን። ከባዱን ከሰማን በኋላ ትንፋሽ ሰጠን። እሪ በከንቱ እዚሁ አካባቢ ነው፤ ድሮ ገደሉ ውስጥ ቀማኛ ሲይዝህ ብትጮህ የሚደርስልህ የለም ይባላል። ፖሊስ ከመደራጀቱ በፊት ሰው ሲሰረቅ ሌባው እንዴት ይገኝ ነበር? ሌባ ሻይ የሚባል ነገር ነበር። አንድ ልጅ መድኃኒት ይጠጣል፣ ያጨሳል። ራሱን ሲስት በገመድ ታስሮ ይለቀቃል። እየተንገዳገደ ገብቶ የተኛበት ቤት ባለቤት ሌባ ነው ተብሎ ይከፍላል። ስንቱ ምስኪን በዚህ ተበልቷል! ዘግይቶም ቢሆን ተከልክሏል።

ቁራኛም ነበር። ከሳሽና ተከሳሽ ዳኛ ፊት እስኪቀርቡ አንድ ላይ ይታሰራሉ። አብረው ይሄዳሉ፣ አብረው ይበላሉ፣ አብረው ያድራሉ። አውጫጭኝ ደግሞ የአካባቢው ሰው በሙሉ ተሰብስቦ ያየውን የሰማውን በመሐላ የሚናገርበት ነው። ሁሉም ተናግሮ ወንጀለኛው እስኪወጣ ማንም ወደ ሥራው አይሄድም። ገዳይ ሲፈረድበት የሟች ቤተሰብ ወይ ካሳ ይቀበላል ወይ ደሙን ይመልሳል። ጋሼ ይህን ሲናገሩ አላሞገሱትም፣ አላንቋሸሹትም። በየአንዳንዱ ላይ ማን ይጎዳ እንደነበር ብቻ ነው የነገሩን። ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮች ሲሾሙ የፍርድ ሚኒስትር ያደረጉት አፈ ንጉሥ ነሲቡን ነው። የከተማው ጥበቃ ደግሞ የአራዳ ዘበኛ ተባለ። አያቶቻችን ፖሊስን በዚሁ ስም ሲጠሩ ሰምታችሁ ይሆናል።

ድልድዩን ተሻግራችሁ ሽቅብ ስትወጡ ፒያሳ ናችሁ። ደግሞም አይደላችሁም። ዶሮ ማነቂያ የሚባለው ሰፈር የለም። በ2016 ዓ.ም. ብዙው ፈርሷል። ጋሼ ለዚህ ብለው የድሮ ፎቶ ይዘዋል። አንዱን ፎቶ ወደ ላይ ከፍ አድርገው በስልክ መብራት አሳዩንና ቦታውን ከፎቶው ጋር አስተያየን። የቆርቆሮ ጣሪያ፣ የተንጠለጠለ ልብስ፣ በር ላይ የተቀመጠች ሴት። ከፊታችን ባዶ ቦታና አዲስ መብራት። ቦታው ሲለወጥ ታሪኩን የሚይዘው ሰው ብቻ ነው። ስለዚህ እንዲህ ያለ ጉዞ ቶሎ መሄድ ጥሩ ነው እላለሁ። የሚያስታውሱ ሰዎች ዕድሜያቸው እየገፋ ነው።

ከላይ «ወንድም አጠገባችሁ ቆሞ ሊሆን ይችላል» ያልኩትንም ያየሁት እዚያው ነው። ጋሼ ስለ ቀይ ሽብር መናገር ጀምረዋል። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. ጠዋት ጠዋት በየመንገዱ አስከሬን ይገኝ ነበር። ደረቱ ላይ ወረቀት ተለጥፎበት። ልጁ የተገደለበት ወላጅ አስከሬን ለመውሰድ የጥይቱን ዋጋ ይከፍላል። ማልቀስ አይፈቀድለትም። አብረውን የነበሩ አንዲት ትልቅ ሴት፣ እስከዚያ ድረስ አንድም ቃል ያልተናገሩ፣ «እኛ አልከፈልንም» አሉ።

ሁላችንም ዞርን። ጋሼ ፋይላቸውን ዘጉ። «እትዬ፣ መናገር ከፈለጉ እንሰማለን። ካልፈለጉም እንቀጥላለን» አሏቸው። እትዬ ተናገሩ። ታናሽ ወንድማቸው 12ኛ ክፍል ነበር። ቀበሌ ይፈልግሃል ተብሎ ሄደ። እናታቸው በየቀኑ ሳህን ይዘው ይመላለሱ ነበር። አንድ ቀን ጠባቂው ሳህኑን እንዳለ መለሰላቸው። «ከዛሬ ጀምሮ አታምጪ» አለ። አስከሬን አልተሰጣቸውም። «ስለዚህ አልከፈልንም» አሉ እትዬ ደግመው። ተማሪው ልጅ እጃቸውን ያዘ። ጋሼ ከዚያ በኋላ የቀረውን የቀይ ሽብር ወሬ አላነሱም። ጊዜ ወስደን ቀስ ብለን ወደ ጊዮርጊስ ሄድን።

ይህን የምጽፈው ለመሪዎችም ጭምር ነው። የሚሰማህን ሰው አታውቀውም። ለሚናገር ቦታ ተው፤ ለማይናገርም መውጫ ስጠው። ከመጀመሪያው «የከበደው ሰው በማንኛውም ጊዜ መሄድ ይችላል፤ ማንም አይጠይቀውም» ማለት ምን ያስከፍላል? ጋሼ ብለውታል። ያኛው ወጣት መሪ ቢለው ኖሮ ያ ጎልማሳ ሰውዬ እንደዚያ ሸሽተው ባልሄዱ።

ማዕከላዊም ከዚያ አይርቅም። በንጉሡም፣ በደርግም፣ ከደርግ በኋላም ሰው ሲመረመርበትና ሲሠቃይበት የኖረ ቦታ ነው። የተዘጋው በ2010 ዓ.ም. ነው። ጋሼ አቅጣጫውን ብቻ አሳዩን። «ለእሱ አንድ ምሽት አይበቃውም» አሉ።

ጊዮርጊስ ጋ የድሮው የአራዳ ገበያ ነበር። ቅጣት በሕዝብ ፊት ይፈጸምበት ነበር። ከታኅሣሡ ግርግር በኋላ የገርማሜ ንዋይ አስከሬን የተሰቀለው እዚሁ ጊዮርጊስ ነው። ወንድማቸው መንግሥቱ ቆስለው ተይዘው፣ ተፈርዶባቸው፣ በዚያው ዓመት መጋቢት ላይ ተሰቀሉ።

የመጨረሻው ማቆሚያ የአቡነ ጴጥሮስ ሐውልት ነው። ሐምሌ 22 ቀን 1928 ዓ.ም. ጣሊያኖች ከሰሷቸው፣ ፈረዱባቸው፣ በሕዝብ ፊት ረሸኗቸው። የጠየቋቸው አርበኞቹን እንዲያወግዙ ነው። እሳቸው ያወገዙት ለጠላት የሚገዛውን ነው። ምድሪቱም እንዳትገዛ ገዝተዋል። ይህን ታሪክ ከልጅነት ጀምሮ ሰምተነዋል። ጋሼ ስለዚህ ቶሎ ጨረሱት፤ አዲስ የነገሩን ስለ ችሎቱ ነው። ዳኛውም ከሳሹም ወራሪው ጦር ነበር። ግራዚያኒ ላይ ያልቆመ ችሎት አቡነ ጴጥሮስ ላይ በአንድ ቀን ቆሟል። ሐውልቱ ለባቡሩ ሥራ ተነስቶ እንደነበር ታስታውሳላችሁ። ተመልሶ ቦታው ላይ ነው።

ለመሄድ ላሰባችሁ የቀረችኝን ልናገር። ከሰኔ እስከ መስከረም አትሂዱ፤ ዝናቡ አያስወራም። በጋ ላይ ደግሞ ምሽቱ ይቀዘቅዛልና ጃኬት ወይም ጋቢ ያዙ። ጫማ ጠፍጣፋ ይሁን። ውኃ ያዙ። ከአሥር ሰው በላይ ከሆናችሁ ለሁለት ተከፈሉ። የመኪናው ድምፅ ስለሚያይል የኋላው ሰው አይሰማም፤ መሪውም መጮህ ይጀምራል፤ ይህ ደግሞ ጮሆ የሚወራ ነገር አይደለም። ሂሳቡን ቀድማችሁ ተነጋገሩ። ጋሼ እኛን «የፈለጋችሁትን» ብለውን ነበርና ሁላችንም ለየብቻ ስንጨነቅ ነበር። አሰባስቦ የሚሰጥ አንድ ሰው ምረጡ። ትንንሽ ልጆች አትውሰዱ። 14 እና 15 ዓመት የሞላቸው ግን ይምጡ፤ ከእኛ የተሻለ ይጠይቃሉ።

ከምሽቱ ጉዞ በኋላ ቦታዎቹን በቀን እዩዋቸው። ገነተ ልዑል ዛሬ ሙዚየም ነው። የንጉሡን መኝታ ቤት ታያላችሁ። ከፊት ለፊቱ ጣሊያኖች የሠሩት ጠምዛዛ ደረጃ አለ። ፋሺስቶች ሮም ላይ ሥልጣን ከያዙ ጀምሮ ለእያንዳንዱ ዓመት አንድ ደረጃ አድርገው ነው የሠሩት። ከድል በኋላ ጫፉ ላይ የይሁዳ አንበሳ ተቀመጠበት። በአንድነት ፓርክ በኩል ደግሞ የምኒልክን ቤተ መንግሥት መግባት ይቻላል፤ ስድሳዎቹ ከመረሸናቸው በፊት ታስረው የነበሩበትን ምድር ቤት ጠይቁ። መስቀል አደባባይ ያለውን የቀይ ሽብር ሰማዕታት ሙዚየም ግን ከሌላ ጋር አትደርቡት። ለብቻው ቀን ያዙለት። እዚያ ከሚያስጎበኙት ውስጥ ራሳቸው ታስረው የነበሩ አሉ። እትዬም አንድ ቀን ከልጃቸው ጋር እንደሚሄዱ ነግረውናል፤ ተማሪው ልጅ አብሬዎት እሄዳለሁ ብሎ የስልክ ቁጥራቸውን ወስዷል።